አምፖሉን አጥፋ ይሉኛል

እዚህ ቤት ውስጥ ያለ ማብሪያ ማጥፊያ ሁሉ ጠላቴ ሆኗል። ኮሪደሩን አብርቼ ሳሎን ልቀመጥ ስል ከፎቅ «አባዬ፣ ኮሪደሩ!» የሚል ድምፅ ይወርዳል። አጥፍቼ ስመለስ በጨለማው የልጅ ጫማ ያደናቅፈኛል። ቴሌቪዥኑን ከሶኬት ሳልነቅል የተኛሁ እንደሆነ ደግሞ የልጅ ልጄ፣ ገና የሃይስኩል ተማሪ ናት፣ ጠዋት ቁርስ ላይ ምድር ለምን እንደምትሞቅ ታስረዳኛለች። በትሕትና ነው የምታስረዳኝ፤ የሚያናድደኝም እሱ ነው። ሰው ሲቆጣኝ መልሼ እቆጣለሁ፤ ሲያዝንልኝ ግን ምን ይባላል?

ጎጃም ልጅ ሳለሁ መብራት ማለት ኩራዝ ነበር። አጥፋ የሚለኝ ሰው አልነበረም፤ ላምባው ሲያልቅ ራሱ ይጠፋል። በሱዳን በኩል በረሃ አቋርጬ፣ ባሕር ተሻግሬ የመጣሁት እንዲበራልኝ ነው። ይኸው በስተርጅና በኦሃዮ ዋና ከተማ በኮሎምበስ፣ ከሞርስ ሮድ ገባ ብሎ ባለው የልጄ ቤት፣ ግድግዳ እየዳበስኩ ወደ መኝታዬ እሄዳለሁ።

ከቁጠባ ጋር ጠብ የለኝም። ጠቤ እዚያ ማዶ ካለው ጋር ነው። ድሮ ሞርስ ሮድን ይዞ ወደ ምሥራቅ የነዳ ሰው ከተማው ያልቅበትና የበቆሎና የአኩሪ አተር ማሳ ይቀበለው ነበር። አሁን የሚቀበለው ኮምፒውተር ብቻ የሚኖርበት ዳታ ሴንተር ነው። ኒው ኦልባኒ ላይ ከመንገዱ ግራና ቀኝ ተገትሮ ታዩታላችሁ፤ ግራጫ፣ ረጅም፣ መስኮት የሌለው። እስር ቤት እንኳ መስኮት አለው። ዕድሜዬን ዳውንታውን በፓርኪንግ ጋራዥ የፈጀሁ ሰው ስለሆንኩ ሕንፃን የምመዝነው በመኪና ማቆሚያው ነው። ሆስፒታል በሉት፣ ባንክ በሉት፣ የመንግሥት መሥሪያ ቤት በሉት፣ ማቆሚያውን አይቼ ስንት ቤተሰብ እንደሚያድርበት እነግራችኋለሁ። ይህኛው ሕንፃ ለዓይን ያታክታል፤ ማቆሚያው ግን የአንድ ደህና ምግብ ቤት አያህልም። ከቆሙት መኪኖች አንዱ የዘበኛው ነው።

ሜታም፣ ጉግልም፣ አማዞንም እዚያው ሰፍረዋል። በማዕከላዊ ኦሃዮ እንዲህ ያለው ቤት ከመቶ በላይ ነው። የአካባቢው የኤሌክትሪክ ኩባንያ ኤ.ኢ.ፒ. ኦሃዮ በተናገረው መሠረት፣ በ2020 (ዘመኑን እንደ ፈረንጅ ነው የምቆጥረው፤ የእኛን ስጠራ ዓ.ም. ብዬ እናገራለሁ) ዳታ ሴንተሮቹ የሚስቡት ኃይል 100 ሜጋ ዋት ገደማ ነበር። በ2024 ወደ 600 ደረሰ። ውል የታሰረለት ሁሉ ሲደመር ደግሞ በ2030 ወደ 5,000 ይጠጋል።

እዚህ ቁጥር ላይ ስደርስ ሻዩን አስቀመጥኩ። ምክንያቱም 5,150 የሚል ቁጥር በደረቴ ይዤ የምዞር ሰው ነኝ። የሕዳሴ ግድብ! መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. የመሠረት ድንጋዩ ሲጣል ቴሌቪዥኑ ፊት ቆሜ ነበር። ቦንድ ገዛሁ። ሚስቴም፣ ነፍሷን ይማረውና፣ ለወገቧ ሕክምና ካስቀመጠችው ቆንጥራ ገዛች። ትርፍ ሰዓት እየሠራን፣ የሰው መኪና እያቆምን፣ ወንዙን በገንዘባችን ገደብን። ግብፅ ስትቆጣ ተቆጣን፣ ውሃው ሲሞላ ሞላን። ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ሲመረቅ ብቻዬን አለቀስኩ። አሁን የልጅ ልጄ በስልኳ ቁጥሩን ታሳየኛለች፤ የዓባይ ግድብ ተርባይኖች አሥራ ሦስቱም ባንድ ላይ ቢሽከረከሩ የሚሰጡት ኃይል እነዚህ መስኮት አልባ ቤቶች ለ2030 ካስመዘገቡት ብዙም አይተርፍም። ከመቶ ሃያ ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ያላት አገር አሥራ አራት ዓመት ያማጠችው ኃይል እዚህ የኮምፒውተር ቀለብ ነው።

እኔን ደግሞ ኮሪደሩን አጥፋ ይሉኛል።

ከሁሉ የሚያስቀኝ የምጣዱ ጉዳይ ነው። ልጄ እንጀራ የምትጋግርበት የኤሌክትሪክ ምጣድ አላት፤ 1,500 ዋት ይስባል። የልጅ ልጄ መቼ መጣድ እንዳለበት ማቀዝቀዣው ላይ ወረቀት ለጥፋለች፦ በበጋ ከሰዓት ማንም እንዳይነካው፣ ማታ ሰው ሁሉ ሲተኛ ይጣድ። እናትየው ከሥራ ውላ ገብታ እኩለ ሌሊት ላይ እንጀራ ታወጣለች። ባለፈው «ስሚ» አልኳት ልጅቷን፣ «ያ ሜታ ኒው ኦልባኒ ላይ የሚሠራው ትልቁ፣ በ2026 ይከፈታል ያሉት፣ ስንት ይበላል?» አንድ ጊጋ ዋት አለችኝ። በምጣድ አስልቺልኝ አልኳት። ከ660,000 በላይ ምጣድ ባንድ ጊዜ ተጥዶ፣ ቀንም ሌሊትም ሳይወርድ ማለት ነው። የኮሎምበስ ሕዝብ 900,000 ትንሽ ቢዘል ነው። ሀበሻው፣ ሶማሌው፣ ፈረንጁ፣ ቤት ያለው ሁሉ በአንድ ሌሊት እንጀራ ልጋግር ቢል እንኳ ያን ያህል ምጣድ አይጣድም። እሷ አስልታ ስትጨርስ ዝም አለች። እኔም አልደሰኮርኩም። ወረቀቱ ግን እስካሁን ማቀዝቀዣው ላይ አለ።

ስም አወጣጣቸውስ! ያንን አንድ ጊጋ ዋት የሚበላውን ፕሮሜቴየስ አሉት፤ በግሪክ ተረት እሳት ከአማልክት የሰረቀው ነው። ሌባነቱን ራሳቸው ካመኑ እኔ ምን አገባኝ። ቀጥሎ ደግሞ የመስመሩ ኃይል ቶሎ አይደርስልንም ብለው፣ ዊሊያምስ የተባለ የጋዝ ኩባንያ በ1.6 ቢሊዮን ዶላር እዚያው አጠገባቸው በጋዝ የሚሠራ ማመንጫ እንዲተክልላቸው ተስማሙ። የማመንጫው ስም ሶቅራጥስ ነው። ያንን ምስኪን አቴናውያን መርዝ አጠጥተው ገደሉት፤ ኦሃዮ ደግሞ በስሙ ጋዝ ታጨስበታለች። ጋዙ ግን አይከፋችሁ፣ እዚህ ጋዝ አረንጓዴ ነው። ቀልዴ አይደለም። በጥር 2023 ገዥው ማይክ ዲዋይን የፈረሙት ሕግ የተፈጥሮ ጋዝን «አረንጓዴ ኃይል» ብሎ ደንግጓል። ያው ሕግ በስቴቱ ፓርኮች ሥር ለጋዝ መቆፈርንም አቀለለ። ሽበቴን ጥቁር ነው ብሎ የሚያጸድቅልኝ ምክር ቤት አጣሁ እንጂ እኔም ጎልማሳ ነበርኩ።

እንግዲህ አማቼ ይህን ሲሰማ ዝም የሚል ሰው አይደለም። ኤሌክትሪሽያን ነው፤ የሚሠራው ደግሞ እነዚያው ሕንፃዎች ግንባታ ላይ ነው። ጨለማ ሳይለቅ ፒክ አፑን አስነስቶ ይወጣል፣ ሲመለስ ጭቃው እስከ ጉልበቱ ነው። «ጋሼ» ይለኛል በአክብሮት፣ «የተቀመጡበት ሶፋ የተገዛው በዳታ ሴንተር ትርፍ ሰዓት ነው።» እውነቱን ነው። የቤቱ ብድር፣ የልጅቷ ጥርስ ማሰሪያ፣ ባሕር ዳር ለእናቱ የሚልከው፣ ሁሉም ከዚያ ጭቃ የወጣ ነው። ኬብል ሲጎትት እጁ የተላጠውን አይቼዋለሁ። እኔ በወጣትነቴ የቆምኩበት የጋራዥ ክፍል ምን ይከፍል እንደነበር ስለማውቅ፣ አንድ ሀበሻ ሙያ ይዞ፣ ማኅበር ገብቶ፣ ቀና ብሎ ሲሠራ ማየት ያኮራኛል። ስለዚህ እድገት ይቅር የሚል ሽማግሌ አድርጋችሁ እንዳትወስዱኝ። እድገት ይምጣ። የሥራው ዕድሜ ግን ግንባታው እስኪያልቅ ነው። አንዴ ከተሠራ በኋላ ለአማቼ የሚሆን ማቆሚያ እዚያ የለም፤ ቆጥሬዋለሁ።

ሥራ ያመጣል የተባለውማ ኢንቴል ነበር። በጥር 2022 ሊኪንግ ካውንቲ ላይ፣ ኒው ኦልባኒ አጠገብ፣ ሁለት የቺፕ ፋብሪካ በ20 ቢሊዮን ዶላር እሠራለሁ፣ 3,000 ቋሚ ሠራተኛ እቀጥራለሁ ብሎ መጣ። ስቴቱ ወደ 2 ቢሊዮን ዶላር የሚጠጋ ማበረታቻ ሰጠ። ወደ 1,000 ኤከር የሚጠጋ መሬት ተወሰደ፣ የገበሬ ቤቶች ተገዝተው ፈረሱ፣ በቆሎው ተነቀለ። ፕሬዚዳንት ባይደን ራሳቸው መጥተው ሥራውን አስጀመሩ። ቀኑን በእኛ ብትቆጥሩት ጳጉሜን 4 ቀን 2014 ዓ.ም. ነው፤ ልክ በሦስት ዓመቱ፣ በዚያችው ጳጉሜን 4፣ የእኛ ግድብ ተመረቀ። ድሃዋ አገር ቦንድ እየለቀመች ጨረሰች፤ የሀብታሙ ፋብሪካ አሁንም ክሬን ነው። በ2025 ማምረት እንጀምራለን ብለው ነበር። 2025 ሲመጣ፣ የካቲት ላይ፣ የመጀመሪያው ፋብሪካ ከ2030 ወይም ከ2031 በፊት ሥራ አይጀምርም፣ ሁለተኛው 2032 ነው አሉ። ላም አለኝ በሰማይ።

ጎረቤቶቼ ተናደዱ። እኔ ግን ተከራከርኩላቸው። ማን ያውቃል፣ 2025 ያሉት በእኛ አቆጣጠር ቢሆንስ? የእኛ 2025 ዓ.ም. የሚብተው በፈረንጅ መስከረም 2032 ነው። በዚያ ሂሳብ እንኳን ሊዘገዩ፣ ቀድመው ይጨርሳሉ። ምናልባት ኢንቴል ውስጥ ያለ አንድ የሀበሻ ልጅ ነው ሰሌዳውን ያወጣው።

ማይክሮሶፍትም ያንኑ አካባቢ በ1 ቢሊዮን ዶላር ሦስት ቦታ ዳታ ሴንተር እሠራለሁ ብሎ በ2025 ጸደይ ላይ ለጊዜው አቆምኩ አለ። ከሦስቱ ሁለቱ ቦታ እስከዚያው ለእርሻ ይሁን ብሏል። አኩሪ አተሩ ተመለሰ። እንዲህ ያለ ባለርስት መቼም አይታችሁ አታውቁም፦ ጠፍ እንዳያድር ለሚያርስ ይሰጣል፣ ልቡ ሲመለስ ደግሞ ይነቅላል።

የልጅ ልጄ እነዚህን ሁሉ ስዘረዝር ከእሷ ወገን የቆምኩ ይመስላትና ደስ ይላታል። «አባባ፣ አንተኮ አክቲቪስት ነህ» ትለኛለች። አይደለሁም። የእሷም ወገን ያበሳጨኛል። ለመሬት ተቆርቋሪ ነኝ የሚል ሁሉ የእሷ ወገን ከሆነ፣ ይኸው ከከተማችን በስተምዕራብ ማዲሰን ካውንቲ ላይ ኦክ ራን የሚባል የሶላር ፕሮጀክት አለ፤ 800 ሜጋ ዋት፣ ወደ 6,000 ኤከር። ከፓነሎቹ ሥር በግ ሊያሰማሩ፣ በመሐሉ ሰብል ሊያበቅሉ አቅደዋል። ደብተራ የጻፈው ራእይ ይመስላል፣ በግና ፀሐይ! በመጋቢት 2024 የስቴቱ ቦርድ ፈቀደ። የካውንቲው አስተዳዳሪዎች ግን ተቃወሙት፤ የእርሻ መሬታችን ይጠበቅ አሉ። እሺ፣ ተገቢ ነው። በ2021 የወጣ ሕግም ካውንቲዎች ሶላርና ንፋስ በአካባቢያቸው እንዳይተከል እንዲከለክሉ ሥልጣን ሰጥቷል። መልካም። ጋዝና ዳታ ሴንተርስ? ለእነሱ እንዲህ ያለ የመከልከያ ሕግ አላገኘሁም። እንግዲህ በኦሃዮ መሬት ላይ የሚያስፈራው በጉ ነው ማለት ነው።

እኔ ወንዝ ሲታመም ያየሁ ሰው ነኝና ልጅቷን አትሳሳቺ የምላትም ቦታ አለ። ኦሃዮ ከእኛ በላይ ተምራለች፣ የተማረችውም በእሳት ነው። ሰኔ 22 ቀን 1969 ክሊቭላንድ ውስጥ ካያሆጋ ወንዝ ተቃጠለ። ወንዝ! ዘይትና ቆሻሻ ሞልቶበት ነደደ። በማግስቱ ዓመት የአገሪቱ የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት ተቋቋመ፤ በ1972 የውሃ ሕጉ ወጣ። የወንዝ መቃጠል እንዲህ ያስተምራል። እዚሁ ኮሎምበስም እኔ ስመጣ በከተማው ደቡብ ቆሻሻና ከሰል ቀላቅሎ እያቃጠለ ኤሌክትሪክ የሚያመነጭ ተቋም ነበር፤ በ1983 የተከፈተ። በጊዜው ብልሃት ነበር፣ ቆሻሻውም ያልቃል፣ መብራቱም ይበራል። ኋላ ከጭስ ማውጫው ዳዮክሲን የሚባል መርዝ ሲወጣ ተገኘና በ1994 ተዘጋ። ዕዳው ግን አልተዘጋም፤ ከዓመታት በኋላም ሲከፈል ነበር። ስለዚህ አንድ መሐንዲስ መጥቶ «ሁለቱንም በአንድ ድንጋይ» ሲል ኪሴን እይዛለሁ።

ደግሞ ያስቀናኝን ልንገራችሁ፣ ማጉረምረም ብቻ እንዳይመስል። እኛ ግድብ ለመሥራት ቦንድ ስንለቅም፣ ልክ በዚያው ሰሞን በ2013 መጨረሻ፣ ኮሎምበስ ዳውንታውን ያለውን የሜይን ስትሪት ግድብ ማፍረስ ጀመረች። ጤነኛ ሰው ግድብ ያፈርሳል? ያውም ከ35 ሚሊዮን ዶላር በላይ ወጥቶበት። እኔ ከጋራዡ ጣሪያ ላይ ቆሜ አየሁት። ሳዮቶ ወንዝ ቀድሞ ሰፊ፣ ቡናማ፣ የማይንቀሳቀስ ኩሬ ነበር፤ ግድቡ ሲነሳ ጠበበ፣ መፍሰስ ጀመረ፣ ዳርና ዳሩ ላይ 33 ኤከር መሬት ወጣ፣ ሣር ተዘራ፣ በ2015 ሰው ይንሸራሸርበት ጀመር። አሁን ሀበሻ ሙሽሮች እዚያ ፎቶ ይነሳሉ። በወንዙም ዙሪያ ቤትና ቢሮ ተሠርቶ የመሬቱ ዋጋ ሰማይ ወጣ። ወንዙም ነጋዴውም ተጠቀመ ማለት ነው። እንዲህ አይነት ነገር ስላለ ነው ሙሉ በሙሉ ማማረር የማልችለው፤ እሱም ያበሳጨኛል።

ምክር ቤቱ ነው የጎዳን። ዳውንታውን ነበርኩ አላልኳችሁም? የስቴቱ ምክር ቤት ሰዎች መኪናቸውን የት እንደሚያቆሙ አውቃለሁ። በ2019 ሃውስ ቢል 6 የተባለ ሕግ አወጡ፤ ሁለት የኑክሌር ማመንጫና ሁለት ያረጁ የከሰል ማመንጫዎችን ሕዝቡ ከመብራት ሂሳቡ ላይ እንዲደጉም። ከከሰሎቹ አንዱ ጭራሽ ኦሃዮ ውስጥ አይደለም፣ ኢንዲያና ነው። የፀሐይና የንፋስ ድርሻ ደግሞ እንዲቀንስ። ለዚህ ሕግ ሲባል 60 ሚሊዮን ዶላር ያህል ጉቦ መንቀሳቀሱ ተደርሶበት አፈ ጉባኤው ላሪ ሃውስሆልደር በሐምሌ 2020 ተያዘ፤ በ2023 ሃያ ዓመት ተፈረደበት። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል የሚለው አባባል እዚህም ይሠራል ለካ። የሚገርመው እሱ ከተፈረደበት በኋላም የከሰሉ ድጎማ ቀጠለ፤ ምክር ቤቱ የሰረዘው በ2025 ነው። ሌባው ወህኒ ወርዶ የሰረቀው ነገር በሥራ ላይ ይቆያል።

በ2025 በጋ መግቢያ፣ በሰኔ፣ የአካባቢው መብራት ዋጋ ጨመረ። ለምን ቢሉ፣ ፒ.ጄ.ኤም. የሚባል 13 ስቴቶችን የሚያገናኝ የኃይል ገበያ አለ፤ ለመጪው ጊዜ ዝግጁ ሆኖ ለሚጠብቅ ኃይል ጨረታ ያወጣል። ዋጋው ለአንድ ሜጋ ዋት በቀን 28.92 ዶላር የነበረው በአንድ ጨረታ 269.92 ገባ። ፈላጊው በዛ፣ ማመንጫው አነሰ። ፈላጊው ማን እንደሆነ አሁን ታውቃላችሁ። ከሞኝ ደጃፍ ሞፈር ይቆረጣል፤ ሞኙ እኔ ነኝ፣ ደጃፉ ሞርስ ሮድ ነው። ያንኑ ሰሞን ምክር ቤቱ ለዳታ ሴንተሮች የተሰጠውን የሽያጭ ግብር ነፃነት ልሰርዝ ሲል ገዥው ስረዛውን ሻሩት። እኔ ለአንድ አምፖል ግብር እከፍላለሁ።

አንድ ነገር ግን ደግ ሠርተዋል፣ እሱን ካልተናገርኩ አንደበቴ ይከሰኛል። በሐምሌ 2025 የኦሃዮ የሕዝብ አገልግሎት ኮሚሽን ወሰነ፦ ከእንግዲህ አዲስ የሚመጣ ትልቅ ዳታ ሴንተር ይህን ያህል ኃይል እፈልጋለሁ ካለ፣ ቢጠቀምም ባይጠቀምም ከጠየቀው ቢያንስ 85 በመቶውን እስከ 12 ዓመት ይክፈል። መስመሩ ለእሱ ተዘርግቶ፣ እሱ ሐሳቡን ቀይሮ ሲሄድ፣ ወጪው እኔ ላይ እንዳይወድቅ። ትልልቆቹ ኩባንያዎች ሁሉ ተቃወሙ። ከዚህ በፊት ኤ.ኢ.ፒ. ኦሃዮ ዘንድ የቀረበው ጥያቄ ከ30,000 ሜጋ ዋት በላይ ነበር፤ ወደ ስድስት ሕዳሴ ግድብ። ክፈሉ ሲባሉ ወደ 13,000 ወረደ። ከግማሽ የሚበልጠው ጥያቄ ተነነ! ድግስ ላይ የተቀመጠ ሰው ሁሉ ሂሳብ ሲመጣ ስልክ እንደሚደወልለት የማያውቅ ሀበሻ የለም። ይህን ሳነብ ነው ለመጀመሪያ ጊዜ አማቼም፣ የልጅ ልጄም፣ እኔም በአንድ ማዕድ የተስማማነው። ለአማቼ የቀረው 13,000 በቂ ሥራ ነው፤ ለልጅቷ 17,000 ቀንሷል፤ ለእኔ የሌላ ሰው ሂሳብ አይመጣብኝም። ስምምነቱ እስከ ቡናው ሦስተኛ ድረስ ቆየ።

ከዚያ አዲስ አበባ ያለው ወንድሜ ደወለ። በቤንዚን የሚነዳ መኪና ከ2016 ዓ.ም. ጀምሮ አገር ቤት መግባት ተከልክሏል፤ ልጁ የኤሌክትሪክ መኪና ልግዛ ብሎ ቻርጅ የማደርገው የት ነው እያለ ያዞረዋል። እኔም የግድቡ ኃይል የት ደረሰ አልኩት። ቢትኮይን ይቆፈርበታል አለኝ። የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ኃይል ለእነዚያ የኮምፒውተር ገንዘብ ቆፋሪዎች በዶላር ይሸጣል፤ የውጭ ምንዛሪ ያስፈልጋላ። ግማሽ የሚሆነው ሕዝብ ደግሞ ገና የመስመር መብራት አላየም። የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው ስንል ኖረን አሁን ደግሞ ጨለማ ዋጠው። እንግዲህ ከጎጃም ሸሽቼ ኦሃዮ ብገባ ኮምፒውተሩ በሁለቱም በር ቀድሞኝ ቆሟል።

ለመፍረድ አልቸኩልም። ምኒልክ አዲስ አበባን ከቆረቆሩ በኋላ ዙሪያው ተጨፍጭፎ ማገዶ ቢያልቅ ከተማውን ወደ አዲስ ዓለም ሊያዛውሩ ተነስተው ነበር። ባሕር ዛፍ ከውጭ መጣ፣ በቶሎ በቀለ፣ ከተማዋ ቀረች። ዛሬ ያንኑ ዛፍ ውሃ ይጠጣል፣ አፈር ያደርቃል ብለን እንረግማለን። እየረገምን ግን ቤቱን የምንሠራው በእሱ ነው። ይህን ለልጅቷ ስነግራት «ታዲያ ምን ይሻላል?» አለችኝ። ሃይስኩል ተማሪ እንዲህ አይነት ጥያቄ አይጠይቅም፤ ሽማግሌ ያሳፍራል።

መልስ ባጣሁ ጊዜ በምትኩ ሥራ ሰጠችኝ። እዚህ አቅራቢያ ያለ አንድ ቀበሌ ሌላ የበቆሎ ማሳ ለዳታ ሴንተር ይሁን አይሁን ብሎ ስብሰባ ጠርቷል። ማንም ነዋሪ ተነስቶ መናገር ይችላል። አስመዘገበችኝ። አማቼ «ጋሼ፣ እባክዎን የምሠራበትን ቦታ ስም እንዳይጠሩ» ብሎ ተማጠነኝ፤ ቃል ገባሁለት። የሚፈቀደው ጊዜ ሦስት ደቂቃ ነው አሉኝ። ሦስት ደቂቃ! እኔ የማኅበር ጽዋ ላይ ለምርቃት ብቻ ከዚህ በላይ የምወስድ ሰው ነኝ። እንግሊዝኛዬ ለፓርኪንግ ይበቃል፤ ለክርክር ግን የልጅ ልጄ ልታስተረጉም ነው፣ ስለዚህ አንድ ደቂቃ ተኩል ቀረኝ።

ትናንት ማታ ሳሎን ውስጥ ቆሜ ተለማመድኩ፤ እሷ ስልኳን ይዛ ሰዓት ትቆጥራለች። ምኒልክን አወጣሁ። ካያሆጋን አወጣሁ። ሶቅራጥስ በግድ ቆየ። ስለ መኪና ማቆሚያው ስገባ ስልኩ ጮኸ፤ የ85 በመቶው ክፍያ ጋ ገና አልደረስኩም። «አባባ፣ መግቢያው ይጠር፤ የጤና ይስጥልኙ ብቻ ሠላሳ ሰከንድ ነው» አለችኝ። የፈለገችውን ታስወጣ፣ እሱን ግን አላስነካም። ሰው ደጃፍ ገብቼ እንዴት ዋላችሁ ሳልል ስለ ሜጋ ዋት አልጀምርም።